ያለ ማገዶ የሚግለው ምጣድ፦ ሒሳቡን ማን ይከፍላል?

አንድ ምጣድ አስቡ። ማገዶ አያውቅም። መብራት ሄደ መጣ ግድ የለውም። ከጎኑ ውሃ የያዘ ቢጫ ጀሪካን ይቀመጣል። ከጀሪካኑ ወደ ምጣዱ ቀጭን የመዳብ ዘንግ ተዘርግቷል። ጋጋሪዋ የምጣዱን ዳር በጣቷ ኳ ኳ ታደርገዋለች፤ ምጣዱ መጋል ይጀምራል። ጀሪካኑ ደግሞ ይቀዘቅዛል። የመጨረሻው እንጀራ ሲወጣ ውሃው በረዶ ሆኗል።

ይህ ምጣድ የትም አይሸጥም። ሐዋሳ ውስጥ ልቦለድ የምንጽፍ ጥቂት ወዳጆች የፈጠርነው ነው። የልቦለዱ ዓለም ሐዋሳን ይመስላል። ሐይቁ አለ። ታቦር ተራራ አለ። አሞራ ገደል ላይ አሳ አጥማጆቹ ጠዋት ጠዋት መረባቸውን ይጎትታሉ፤ አባ ኮዳዎቹም ትርፍራፊ ይጠብቃሉ። በዚያ ዓለም ግን ዛፍ መቁረጥ ክልክል ነው፣ ኤሌክትሪክም ገና አልተፈጠረም። ከተማው እንጀራ የሚበላው በዚህ ምጣድ ነው።

አስማት የሚጽፍ ሰው አንድ ጥያቄ አይቀርለትም፦ እንዴት ነው የሚሠራው? "አስማት ነዋ" ብሎ ማለፍ ይቻላል። እኔ ግን ይህ መልስ አይጥመኝም። አንባቢ አስማት በደስታ ይቀበላል። በነፃ የሚመጣ ነገር ሲያይ ግን ይጠረጥራል፤ መጠርጠሩም ልክ ነው። ደግሞም እውነተኛው ፊዚክስ ስለዚህ ምጣድ የሚናገረው እኛ ቁጭ ብለን ከፈጠርነው ሁሉ ይበልጣል። ስለዚህ እስቲ ከሥር መሠረቱ ላስረዳ። ሒሳብ አለው፤ ከማባዛትና ከማካፈል ግን አያልፍም።

አንድ እንጀራ ስንት ሙቀት ይበላል?

መጀመሪያ ጋጋሪዋን እንያት። የጋለውን ምጣድ በጎመን ዘር ታሰሰዋለች፤ በማሰሻው ጨርቅ ወልወል ታደርገዋለች። ሊጡን በጆግ ይዛ ከዳር ትጀምራለች። እያዞረች፣ እያጠበበች መሃል ላይ ትጨርሳለች። ለጥቂት ሰከንድ ምንም የለም። ከዚያ አይኖቹ ይፈነዳሉ፤ መጀመሪያ ዳር ዳሩ፣ ቀጥሎ መሃሉ። የላዩ እርጥበት መጠጥ ሲል አክንባሎውን ትከድናለች። የቀረውን እንፋሎቱ ያበስለዋል። ዳሩ ከምጣዱ ሲላቀቅ ሰፌዱን ሸርተት አድርጋ ታነሳዋለች። ሁሉም ነገር ሁለት ሦስት ደቂቃ ቢፈጅ ነው።

በእነዚህ ደቂቃዎች ሙቀቱ ሁለት ሥራ ይሠራል። አንደኛ፣ ሊጡን ከክፍሉ ሙቀት ተነስቶ እስከ ፍል ያደርሰዋል። ሐዋሳ ከባሕር ጠለል በላይ 1,700 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች፣ እዚህ ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ94 ዲግሪ አካባቢ ነው። ሁለተኛ፣ ከሊጡ ውሃ የተወሰነውን ወደ እንፋሎት ይለውጣል። ብዙውን ሙቀት የሚበላው ይኸኛው ነው። አንድ ኪሎ ውሃ ከፈላ በኋላ ሙሉ በሙሉ እንዲተን 2,260 ኪሎ ጁል (ኪሎ ጁል የሙቀትና የጉልበት መለኪያ ነው) ያህል ይፈልጋል። ያንኑ ውሃ ከሐይቁ ሙቀት እስከ ፍል ለማድረስ ግን 300 ኪሎ ጁል ገደማ ይበቃል።

ግማሽ ሊትር ሊጥ እንያዝ። ከመቶ ግራም ትንሽ የሚበልጥ ውሃ ይትነንበት። ሁለቱን ሥራዎች ስንደምር 400 ኪሎ ጁል አካባቢ ይመጣል። እንደ ሊጡ ውፍረትና እንደ ምጣዱ ስፋት ከፍም ዝቅም ይላል። ከእውነተኛው ኩሽና ጋር ግን ይቀራረባል፤ 3.5 ኪሎ ዋት የሚስብ የኤሌክትሪክ ምጣድ በሁለት ደቂቃ ተኩል የሚበላው 525 ኪሎ ጁል ነው። ልዩነቱ ወደ አየር የሚባክነው ነው። እኛ 400ን እንያዝ።

አንድ ቤት በአንድ ጊዜ 20 እንጀራ ይጋግር። ይህ 8,000 ኪሎ ጁል ይሆናል። በሦስት ጉልቻ ላይ ቢሆን፣ ከእንጨቱ ሙቀት ምጣዱ ጋ የሚደርሰው ከመቶ አሥር እጅ ያህሉ ብቻ ስለሆነ፣ ከ5 ኪሎ በላይ ደረቅ እንጨት ይነዳል። ይህን ቁጥር አስታውሱት። አንድ ሰው በጀርባው ተሸክሞ ያመጣው እንጨት ነው።

ጀሪካኑስ?

አሁን ወደ ልቦለዳችን። ሙቀቱ የሚመጣው ከጀሪካኑ ውሃ ነው ብለናል። 20 ሊትር ውሃ አለበት፤ ከሐይቁ የተቀዳ ስለሆነ 22 ዲግሪ ይሁን። ይህን ውሃ በአንድ ዲግሪ ስናቀዘቅዘው 84 ኪሎ ጁል ይወጣል። እስከ ዜሮ ብናወርደው 1,850 ኪሎ ጁል ገደማ እናገኛለን። አራት ተኩል እንጀራ ማለት ነው።

ከዚያ በኋላ ያለው ነው እኔን የሚያስደስተኝ። ውሃ ዜሮ ላይ ሲደርስ ወዲያው አያልቅበትም። ወደ በረዶ ሲለወጥ፣ ሙቀቱ አንድም ዲግሪ ሳይወርድ፣ በኪሎ 334 ኪሎ ጁል ይለቃል። 20 ኪሎ ውሃ 6,680 ይሰጣል። ከ16 እንጀራ በላይ ነው። ሁለቱን ደምሩት፦ 20 ሊትር የሐይቅ ውሃ በአንድ በኩል ወደ በረዶ ሲለወጥ በሌላው በኩል 20 እንጀራ በትንሽ ትርፍ ይጋገራል። ቁጥሮቹ እንዲህ ይገጥማሉ ብለን አላሰብንም። አንድ ጀሪካን፣ የአንድ ቤት እንጀራ።

ስለዚህ መሣሪያው ምጣድ ብቻ አይደለም። በረዶ ቤትም ነው። ጠዋት እንጀራ የጋገረች ሴት ከሰዓት በኋላ 20 ኪሎ በረዶ አላት። በረዶው ደግሞ ገበያ አለው። አሳ የሚሸጥ ሰው ፀሐይ ከመክረሯ በፊት ቆሮሶውንና አምባዛውን የሚያስቀምጥበት ይፈልጋል። በልቦለዱ ውስጥ ጋጋሪዎች ከሐይቁ ዳር ነጋዴዎች ጋር እንዲህ ተዋወቁ። አንድ ትንሽ ነገርም አለ፤ ውሃ በረዶ ሲሆን ከመቶ ዘጠኝ እጅ ያህል ይሰፋል። ጀሪካኑን እስከ አንገቱ የሞላች ጀማሪ ጀሪካኗ ይሰነጠቅባታል። ልምድ ያላት በ25 ሊትሩ ጀሪካን 20 ሊትር ብቻ ትቀዳለች።

ዘንጉን ከጀሪካኑ አውጥተን ቀጥታ ሐይቁ ውስጥ ብንነክረውስ? የሐዋሳ ሐይቅ ስፋቱ 90 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ አማካይ ጥልቀቱ 11 ሜትር ገደማ። ወደ አንድ ቢሊዮን ሜትር ኩብ ውሃ ይዟል። ይህ ሁሉ ውሃ በአንድ ዲግሪ ብቻ ቢቀዘቅዝ 10 ቢሊዮን እንጀራ ይጋገርበታል። ከተማው ግማሽ ሚሊዮን ሰው ቢኖረውና እያንዳንዱ በቀን ሦስት እንጀራ ቢበላ፣ ሐይቁን አንድ ዲግሪ ለማቀዝቀዝ ከ18 ዓመት በላይ ይፈጃል። ያውም ፀሐይን ሳንቆጥር። ፀሐይ ሐይቁ ላይ በአንድ ቀን የምታፈሰው ሙቀት፣ ከተማው በቀን ለመጋገሪያ ከሚፈልገው ከ2,000 እጥፍ በላይ ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ቆም ይላል። ሙቀቱ እንዲህ ከተረፈ፣ ለምን እውነተኛዋ ሐዋሳ ውስጥ አንጠቀምበትም? ለምን እንጨት ተሸክመን፣ ከሰል አራግበን፣ መብራት ጠብቀን እንኖራለን?

ብዛትና ደረጃ

መልሱ ሁለት የሚመሳሰሉ ነገሮችን መለየት ይጠይቃል። የሙቀት ብዛት አንድ ነገር ነው፤ የሙቀት ደረጃ ሌላ ነው። ሐይቁ ብዛት አለው። ደረጃው ግን 22 ዲግሪ ነው። ምጣድ ደግሞ 200 ዲግሪ አካባቢ ይፈልጋል። በቅጡ ያልጋለ ምጣድ ላይ ምን እንደሚሆን ጋጋሪ ሁሉ ያውቃል። ሊጡ አይን አያወጣም፣ ይጣበቃል፣ ሲነሳ ይበጣጠሳል። አይን የሚፈጠረው በእርሾው የተጠራቀመው አየርና ከሥር የሚነሳው እንፋሎት ሊጡ ሳይረጋ በፍጥነት ሲፈነዱ ነው። ሙቀቱ ከዘገየ ጊዜው ያመልጣል። ቢሊዮን ቶን የ22 ዲግሪ ውሃ ምጣዱ ሥር ብታስቀምጡ አንድ አይን አያወጣላችሁም።

የፊዚክስ ሰዎች በዚህ ጉዳይ ላይ ሁለት ሕጎች አሏቸው። የመጀመሪያው ኃይል አይፈጠርም፣ አይጠፋም፤ ከቦታ ቦታ፣ ከመልክ ወደ መልክ ይዛወራል የሚለው ነው። የእኛ ምጣድ ይህን ሕግ ያከብራል። ምጣዱ ያገኘውን ጀሪካኑ አጥቷል። ሒሳቡ ገጥሟል።

ሁለተኛውን ሕግ ጀርመናዊው ሩዶልፍ ክላውዚየስ በ1850 እ.ኤ.አ. በግልጽ አስቀመጠው። ሙቀት በገዛ ራሱ ከቀዝቃዛ ወደ ትኩስ አይሄድም። ቡና ቀድታችሁ ጠረጴዛ ላይ ብትረሱት ቀዝቅዞ ታገኙታላችሁ። ከክፍሉ አየር ሙቀት ሰብስቦ ፈልቶ የጠበቀ ስኒ አይታችሁ ግን አታውቁም። እንዲህ ቢሆን የመጀመሪያው ሕግ ምንም አይልም፤ ኃይሉ ከአየሩ ተወሰደ እንጂ አልተፈጠረም። የሚከለክለው ሁለተኛው ነው። የእኛ ምጣድ ፊት ለፊት የሚጋጨውም ከዚህ ጋር ነው።

"በገዛ ራሱ" የምትለውን ልብ በሉ። በግድ ይሄዳል። የሚገፋው ካገኘ ይሄዳል። ቤታችሁ ያለው ፍሪጅ ሥራው ይህ ነው፤ ከውስጥ ያለውን ሙቀት ወደ ውጭ ይገፋል። እጃችሁን ከጀርባው አስጠጉት፣ ይሞቃል። ያ ሙቀት ከውስጥ ከነበረው ወተትና ቲማቲም የወጣው፣ ሞተሩ የበላው መብራት ተጨምሮበት ነው። ስለዚህ ከሐይቅ ወደ ምጣድ ሙቀት የሚገፋ ማሽን በመርህ ደረጃ ይቻላል። ጥያቄው ለመግፋት ስንት ይከፈላል ነው።

ዝቅተኛው ዋጋ ይታወቃል። መነሻው ፈረንሳዊው ሳዲ ካርኖ በ1824 ስለ እንፋሎት ሞተር ያሰበው ነገር ነው። ስሌቱ ቀላል ነው። የሁለቱን ሙቀት ከፍፁም ዜሮ፣ ማለትም ከዜሮ በታች 273 ዲግሪ ካለው ነጥብ ጀምራችሁ ቁጠሩ። ምጣዱ 473 ይሆናል፣ ሐይቁ 295። ልዩነታቸው 178 ነው። 178ን ለ473 ስታካፍሉ 0.38 ገደማ ይመጣል። ትርጉሙ ይህ ነው፦ ምጣዱ ላይ ከሚደርሰው ሙቀት ከመቶ 38 እጁ የገፊው ጉልበት መሆን አለበት። ከሐይቁ የሚመጣው 62ቱ ብቻ ነው። የፈለገ ጎበዝ መሐንዲስ፣ የፈለገ ውድ ዕቃ፣ ከ38 በታች መውረድ አይችልም። እውነተኛ ማሽን ደግሞ ከዚህ ብዙ ይበልጣል።

ለጸሐፊ ይህ ቁጥር ወርቅ ነው። በምህንድስናና በአስማት መካከል ያለው ድንበር ስንት ላይ እንደሆነ ይነግረዋል። ከ38 በላይ የሚከፍል ምጣድ ምህንድስና ነው። ከ38 በታች የሚከፍል አስማት ነው።

ዘበኛው

በልቦለዳችን ምጣዱ በር ላይ ዘበኛ አለ። ሐሳቡ የእኛ አይደለም። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ክለርክ ማክስዌል በ1867 ለወዳጁ በጻፈው ደብዳቤ ላይ አነሳው፤ በኋላ የማክስዌል ጋኔን ተባለ። እኛ ዘበኛ አልነው።

22 ዲግሪ በሆነ ውሃ ውስጥ ሁሉም ሞለኪውል እኩል አይሮጥም። አንዳንዱ በጣም ይፈጥናል፣ አንዳንዱ ይንቀራፈፋል። ዲግሪ የምንለው የአማካዩ መለኪያ ነው። አሁን በውሃውና በምጣዱ መካከል አንዲት በጣም ትንሽ በር አስቡ። ዘበኛው በሯ ላይ ተቀምጧል። ፈጣን ሲመጣ ይከፍታል፣ ቀርፋፋ ሲመጣ ይዘጋል። ማንንም አይገፋም፣ ማንንም አይጎትትም። በሯ ቀላል ናት፤ ለመክፈት ጉልበት አትጠይቅም። ፈጣኖቹ ወደ ምጣዱ ያልፋሉ፣ ቀርፋፎቹ ጀሪካኑ ውስጥ ይቀራሉ። ምጣዱ ይግላል፣ ጀሪካኑ ይቀዘቅዛል። 38ቱን ማንም አልከፈለም።

ማክስዌል ይህን ሲያስብ ምጣድ አልነበረም በዓይነ ሕሊናው ያለው፤ አየር የያዘ ሣጥን ነበር። ነገሩ ግን አንድ ነው። የሚያስጨንቀውም ይህ ነው፦ ዘበኛው የሚያደርገው ሁሉ ተራ ነገር ይመስላል። አይቶ መክፈት፣ አይቶ መዝጋት። ታዲያ ሁለተኛው ሕግ የት ሄደ? ሊቃውንት ይህን ሲያብሰለስሉ ከመቶ ዓመት በላይ ሄደ። አንዳንዶቹ ዘበኛው ለማየት መብራት ያስፈልገዋል፣ ዋጋው እዚያ ላይ ነው አሉ። ጥሩ ግምት ነበር፤ በቂ ግን አልሆነም።

መልሱ የመጣው ኮምፒውተር ከሚሠሩ ሰዎች ነው። አይቢኤም ውስጥ ይሠራ የነበረው ሮልፍ ላንዳወር በ1961 አንድ ነገር አሳየ። መረጃን መደምሰስ ሙቀት ያወጣል። የተጻፈን ነገር ደምስሶ ባዶ ማድረግ፣ ማሽኑ ምንም ያህል ጥሩ ቢሆን፣ ከዚህ የማያንስ ተብሎ የተቆረጠ ዋጋ አለው። ባልደረባው ቻርልስ ቤኔት በ1982 ይህን ከዘበኛው ጋር አገናኘው። ዘበኛው ማየቱ በመርህ ደረጃ በነፃ ሊሆን ይችላል አለ። ግን ያየውን መያዝ አለበት፤ ፈጣን፣ ቀርፋፋ፣ ቀርፋፋ፣ ፈጣን። መዝገቡ ይሞላል። መዝገቡ ከሞላ በኋላ ሥራውን ለመቀጠል መደምሰስ አለበት። ዋጋውን የሚከፍለው ያኔ ነው።

ይህ ወረቀት ላይ የቀረ ሐሳብ አይደለም። በ2012 ፈረንሳይ ውስጥ ተመራማሪዎች በዓይን የማትታይ የመስታወት ቅንጣት ውሃ ውስጥ በሌዘር ይዘው፣ አንዲት ቢት (ትንሿ የመረጃ ቅንጣት፤ እንደ ዘበኛው "ፈጣን" ወይም "ቀርፋፋ" ያለች አንዲት ምልክት) ስትደመሰስ የሚወጣውን ሙቀት ለኩ። ላንዳወር ካለው ወለል በታች አልወረደም፤ ቀስ ብለው ሲደመስሱ ወደዚያው ወለል ተጠጋ።

አሁን ሁለቱን መንገዶች እናገናኝ። ይህን ስሌት ስሠራ እጄን ጭንቅላቴ ላይ ነው የጫንኩት። በሐይቁ ሙቀት አንዲት ቢት ለመደምሰስ ትንሹ ዋጋ፣ ከነጥቡ በኋላ 20 ዜሮ ተደርድሮ ከዚያ 28 የሚጻፍበት ጁል ነው። ከምንም አይቆጠርም ትላላችሁ። ግን ዘበኛው ለአንድ እንጀራ የሚመዘግበው ቢት ስንት ነው? ስሌቱ ቢያንስ 53 ጽፋችሁ 24 ዜሮ ጨምሩ ይላል። ይህን መዝገብ አንድ ቴራባይት በሚይዙ የኮምፒውተር ዲስኮች ላይ እንያዘው ብንል ከ6 ትሪሊዮን በላይ ዲስክ ይፈልጋል። በምድር ላይ ላለ ለእያንዳንዱ ሰው ከ800 በላይ ዲስክ ማለት ነው። ለአንድ እንጀራ።

ሁለቱን አባዙ፦ የአንዷን ቢት ዋጋ በቢቶቹ ብዛት። 150 ኪሎ ጁል ገደማ ይመጣል። ከ400 ውስጥ 150 ስንት ነው? ከመቶ 38።

ካርኖ ስለ እንፋሎት ሞተር ሲያስብ በጀመረው መንገድ የተገኘው ቁጥርና ላንዳወር ስለ ኮምፒውተር ሲያስብ ያገኘው ዋጋ እዚህ ምጣድ ላይ ተገናኙ። ገፍተህ ብታሳልፈው 38፣ መርጠህ ብታሳልፈው 38። ከዚህ ዋጋ የሚያመልጥ በር የለም። ስለዚህ ዘበኛ ያለው ምጣዳችን ሕግ አይጥስም ማለት ነው። አስማቱ ያለው ሌላ ቦታ ነው፤ ማንም መሐንዲስ የማይደርስበት ወለል ላይ ምንም ሳያባክን መድረሱ ላይ።

ማን ያሰሰው?

አንዱ ወዳጃችን ምጣዱ መዝገብ ካለው የቤቱን ምስጢር እንዲያስታውስ ፈለገ። ኩሽና ውስጥ የተባለውን ሁሉ ይዞ አንድ ቀን ይናገር አለ። በጽኑ ተቃወምኩ። የዘበኛው መዝገብ ፈጣንና ቀርፋፋ ብቻ ነው። ሥርዓት የለውም፣ ወሬ የለውም፣ ለማንም አይጠቅምም። እንዲያውም ክብደቱ እዚህ ላይ ነው። ምንም የማይጠቅም ነገር ስለሆነ ብቻ በየቀኑ ማጥፋት ግዴታ ይሆናል። ካልጠፋ ምጣዱ በአሥረኛው እንጀራ ላይ በድንገት ይበርዳል፤ ሊጡ እላዩ ላይ ይቀራል።

ስለዚህ ምጣዱ ማታ ማታ ይታሰሳል። በእኛ ኩሽና ማሰስ የሰከንዶች ሥራ ነው። በልቦለዱ ውስጥ ግን ከሁሉ የከበደው ሥራ ይህ ሆነ። አስሉት። ሙቀቱ በሐይቁ ደረጃ ሲቀዳ ለአንድ እንጀራ 150 ኪሎ ጁል፤ ለ20 እንጀራ 3,000። ብርቱ ሰው ቀኑን ሙሉ ሲሠራ የሚያወጣው ጉልበት 75 ዋት ገደማ ነው። 3,000 ኪሎ ጁል በዚህ ጉልበት ሲሠራ 11 ሰዓት ይፈጃል።

አንድ ቤት 20 እንጀራ ይበላ ዘንድ አንድ ሰው 11 ሰዓት ማሰሻ ይዞ ይፈጋል። ይህ ቁጥር ልቦለዱን ከሥሩ ቀየረው። መጀመሪያ የጻፍነው ምዕራፍ ደስ የሚል የምድጃ ዳር ወግ ነበር። አሁን ግን ማሰሻ የያዘችው ማን ናት የሚለው ጥያቄ መጣ። ከገጠር የመጣች፣ ማታ ሁሉም ከተኛ በኋላ ኩሽና የምትቀር ልጅ ናት። እንጀራው ሲበላ ስሟ አይነሳም። "ያለ ማገዶ የሚሠራ ምጣድ" የሚለው ሁሉም ሰው ነው፤ ማገዶው እሷ መሆኗን ግን ማንም አያይም። ይህን ለመጻፍ ብዙ መፍጠር አላስፈለገንም። እንጨት ተሸክመው ወደ ከተማ የሚወርዱ እናቶችን ያየ ሰው ያውቀዋል። በየቤቱ ከንጋት በፊት የምትነሳውን ልጅ ያየ ሰውም ያውቀዋል።

ከመደምሰስ ሌላ አንድ መንገድ አለ። መዝገቡ ሲሞላ አውጥቶ ባዶ መዝገብ ማስገባት። ይህም ከቤኔት ሐሳብ ይከተላል፤ ባዶ መዝገብ ራሱ ነዳጅ ነው። ስለዚህ በልቦለዱ ገበያ ላይ ከሰል በሚሸጥበት ቦታ ባዶ ብራና ይሸጣል። ምንም ያልተጻፈበት ብራና ውድ ነው፤ የተጻፈበት ርካሽ ነው። ብራና ፍቀው ባዶ የሚያደርጉ ሰዎች ከከተማው ውጭ ይኖራሉ። ዋጋው አልቀነሰም፤ ከኩሽና ወጥቶ ሩቅ ሄደ እንጂ። እኔ ይህን መንገድ በጣም ወድጄዋለሁ። ሀብታም ቤት ብራና ይገዛል፣ ድሃ ቤት ያሳስሳል።

ከዚያ አንድ ብልህ ሰው መጣ። ማሰስ ሥራ ብቻ ከሆነ ሰው ለምን ይሠራዋል? ወደ ሐይቁ የሚገባው ዋናው ወንዝ ጥቁር ውሃ ነው። እዚያ ላይ መንኮራኩር ተከለ። መንኮራኩሩ 5 ኪሎ ዋት ይሰጣል፤ ሌት ተቀን ሲዞር 432,000 ኪሎ ጁል ነው። ያንን ጉልበት እንዳለ ወደ ሙቀት ቢለውጠው የ54 ቤት እንጀራ ይጋግር ነበር። ለማሰስ ሲያውለው ግን ለ144 ቤት ይበቃል። ቀሪውን ሐይቁ ይሰጣል። የዘበኛው ጥቅም እዚህ ላይ ነው የሚታየው፤ አንድ እጅ ጉልበት ሰጥተህ ሁለት ተኩል እጥፍ ያህል ሙቀት ትወስዳለህ።

በመጀመሪያው ዓመት ልጆቹ ማታ መተኛት ጀመሩ። በረዶው በዛ፣ አሳው መበላሸት ተወ። ሰውየው ግን አንድ መንኮራኩር ብቻ ነው ያለው፤ ወንዙ በበጋ ይቀንሳል፤ ተራ የሚጠብቀው ቤት በየወሩ ይጨምራል። ሦስተኛው ምዕራፍ የሚጀምረው የ145ኛው ቤት እናት ምጣዷን ተሸክማ ደጁ ላይ ስትቆም ነው።